ሁለተኛው ጆይስቲክ

ሰፈሩ ሰውየውን «ተኳሹ» ነው የሚለው። ጠመንጃ በእጁ ነክቶ አያውቅም፤ እንኳን ሰው ሊተኩስ ዝንብ ሲያባርርም ቀስ ብሎ ነው። ከገበያው ጀርባ ባለው ላውንድሪ ቀኑን ሙሉ ካውያ ይዞ የሰው ልብስ ይተኩሳል፣ በቃ ይኸው ነው። የሙሽራ ሱሪ፣ የሆቴል አንሶላ፣ የአለቆች ሸሚዝ፣ ሁሉም በእሱ እጅ ነው ቀጥ የሚለው። የራሱ ሸሚዝ ግን ላም አኝካ የተፋችው ይመስላል። «እንዴት ነው ነገሩ?» ሲሉት «ለማን ብዬ?» ይላል።

ከሚስቱ ጋር ከተለያዩ ወዲህ ቤቱ ጭር ብሏል። አንድ ሴት ልጅ አለችው፤ ከእናቷ ጋር ሌላ ከተማ ሄዳለች። ሲሄዱ ሁሉን ጠራርገው ወስደው የልጅቷን የጌም ማሽን ብቻ ተዉት። እናትየው «ትምህርቷን ያጠፋባት ይሄ ማሽን ነው፣ ደጄን አይረግጥም» አለችና እዚያው ቴሌቪዥኑ ሥር ቀረ፣ ከሁለት ጆይስቲኮቹ ጋር። ጆይስቲኮቹ ገመድ የላቸውም፤ ከማሽኑ ጋር በአየር ነው የሚነጋገሩት። አንዱ የልጅቷ ነው፤ ጠርዙ በጣቷ ተፍቆ አልቋል። ሁለተኛው የእሱ ነው። «አባዬ፣ ይሄ ያንተ ነው፣ አብረን እንድንጫወት» ብላ ነበር ያስገዛችው። እሱ ደግሞ ወገቡ ተቆርጦ ይገባና «ዛሬ ደክሞኛል ልጄ፣ ነገ» ይላል። ነገም ያው ነው። ቀኑን ሙሉ በእንፋሎት መሃል ቆሞ የዋለ ሰው ምን ያድርግ? ልጅ ግን ይሄ አይገባትም፤ እየቆየች መጠየቁን ተወችው።

አንድ ቀን ደወለች።

«አባዬ፣ ትምህርት ሲዘጋ መጥቼ አንተ ጋ አድራለሁ። ሁለተኛውን ጆይስቲክ አገናኝተህ ጠብቀኝ። ደክሞኛል የሚባል ነገር ግን የለም!»

«የለም! ምን ቆርጦኝ!» አላት።

ከሄደች ወዲህ ልታድር ስትመጣ የመጀመሪያዋ ነው። የጠየቀችው ይቺን ብቻ ነው። ይቺንም ካላደረገላት ነገ «አባት አለኝ» ብላ በምኑ ትናገራለች?

ከዚያ ቀን ጀምሮ የማታ ሥራው ይኸው ሆነ። እራቱን እንደነገሩ ይበላና ቁጭ ብሎ የጆይስቲኩን መሃል ቁልፍ ይጫናል። መብራቱ ብልጭ ብልጭ ይልና ቀጥ ብሎ ይበራል። መብራቱ ከረጋ ተገናኝቷል ማለት ነው፤ ይህን ልጅቷ በስልክ ነግራዋለች። ታዲያ ቴሌቪዥኑ ላይ ዝር የሚል ነገር የለም! ይጫናል፣ ዝም። ያሽከረክራል፣ ዝም። «ምነው፣ አኮረፍክ እንዴ?» ይለዋል። ባትሪው ነው ብሎ ቻርጅ ላይ ያሳድረዋል። ማሽኑን አጥፍቶ ያበራዋል። ልጅቷ «በገመድ ከማሽኑ ጋር አያይዘው፣ በዚያው ይተዋወቃሉ» ስትለው ያያይዘዋል፤ ጆይስቲኩ ቻርጁን ግጥም አድርጎ ይጠጣል እንጂ መተዋወቅ የሚባል የለም። አንዳንዴ ተስፋ ቆርጦ ይተወውና ደግሞ ባር ባር ሲለው ተነስቶ ይጫነዋል። እውነቱን ለመናገር፣ ያቺ መብራት ስትበራ ቤቱ ውስጥ ሌላ ሰው ያለ ይመስለዋል።

አንድ ነገር ግን ልብ አላለም። ቁልፉን በተጫነ ቁጥር ከግድግዳው ማዶ ጢጥ የሚል ድምፅ ይሰማል፤ ወዲያው ደግሞ የእትዬ አዋላጅ ድምፅ ይከተላል። «ደህና አመሸህ የኔ ጌታ!»

እትዬ አዋላጅ የግድግዳ ጎረቤቱ ናቸው። የሰፈሩን ግማሽ በእጃቸው ያዋለዱ፣ አሁን ጡረታ የወጡ፣ ምላሳቸው የሚፈራ ሴት ናቸው። ያላቸው አንድ ወንድ ልጅ ነው፤ እሱም መርከብ ላይ ሥራ አግኝቶ ከሄደ ቆይቷል። ተኳሹ ድምፃቸውን ሲሰማ ስልክ የሚያወሩ ይመስለዋል። «የታደሉ!» ይላል በሆዱ። «ማታ ማታ የሚደውልላቸው አላቸው።»

ልጅቷ ልትመጣ ሁለት ቀን ሲቀራት ማፈሩን ተወና ዕቃውን ሁሉ በፌስታል ይዞ ሞባይል ጠጋኙ ጋ ሄደ። ጠጋኙ ጆይስቲኩን እንኳ በቅጡ አላየውም። ገመዱን ብድግ አድርጎ ሳቀ።

«ወንድሜ፣ ይሄ እኮ የቻርጅ ገመድ ነው። መብራት ያሳልፋል እንጂ መረጃ አያሳልፍም። በምን አፋቸው ይተዋወቁልህ?» አለና ወፈር ያለ ሌላ ገመድ ሰጠው።

እንዲህ ነው እንግዲህ! ያን ሁሉ ማታ ዲዳ ገመድ ይዞ ሲታገል ኖሯል። እየሳቀ ወደ ቤቱ መጣ። ደረጃው ላይ እትዬ አዋላጅን አገኛቸው።

«አንተ ተኳሹ፣ ዛሬ ምን አግኝተህ ነው ጥርስህ የታየው?»

«ልጄ ልትመጣ ነው እትዬ።»

«እሰይ! እልል! የኔም ደህና ነው፣ ተመስገን። ትናንት ማታ ደጋግሞ አበራልኝ።»

«ምኑን?»

«ና ግባ፣ ላሳይህ።»

ገባ። ቴሌቪዥናቸው ሥር፣ በዳንቴል ተሸፍኖ፣ ልክ የልጅቷን የመሰለ የጌም ማሽን ተቀምጧል።

«ልጄ ሲሄድ ‹እማ፣ ከሶኬቱ እንዳትነቅይው፣ እዚያ ሆኜ በኢንተርኔት አገናኘዋለሁ› ብሎኝ ነበር። ወራት ሙሉ እንደ ድንጋይ ዝም አለ። ኋላ ይኸውልህ፣ በእራት ሰዓት ጢጥ ብሎ መብራት ጀመረ። ባሕር ላይ ስልክ የለ፣ ምን ያድርግ? በዚህ ነው አለሁ የሚለኝ። እኔም ደህና አመሸህ እለዋለሁ። ከዚያ በኋላ ነው እንቅልፍ የሚወስደኝ።» ዳንቴሉን አስተካከሉት። «ያንተዋ ጉድ እኮ ከዚህ አትጠፋም ነበር! አንተ ሥራ ስትሆን ያንተን ጆይስቲክ ይዛ ትመጣና ከልጄ ጋር ሲጯጯሁ ቤቴን ያናጉት ነበር። ‹አባትሽስ?› ስላት ‹ደክሞታል› ትለኛለች፣ አንጀቴን!»

ተኳሹ ክው አለ። ጆይስቲክ የሚጠራው መጨረሻ ላይ የተዋወቀውን ማሽን ነው። ለእሱ የተገዛው ጆይስቲክ በጎረቤት ልጅ እጅ ተለማምዶ፣ እዚህ ማሽን ላይ ተገናኝቶ ቀርቷል። ያን ሁሉ ማታ በግድግዳ አሻግሮ ሲያበራው የነበረው ልጃቸው ሳይሆን እሱ ነው!

ቤቱ ገብቶ ለማረጋገጥ አንዴ ተጫነው። ጢጥ።

«ደህና አመሸህ የኔ ጌታ! ዛሬስ ምን በላህ?»

አዲሱ ገመድ ከእጁ አልወጣም። ቢያገናኘው የእሳቸው መብራት ይቀራል፤ ልጄ አንድ ነገር ሆነ ብለው ያብዳሉ። ባያገናኘው ልጁ መጥታ ያንኑ የድሮውን አባቷን ታገኛለች። ልንገራቸው ይልና ተነስቶ በሩ ድረስ ይሄዳል፤ ደግሞ ይመለሳል። በማግስቱም ማታ እንቅልፍ እንዳያጡ ብሎ ተጫነላቸው። ሌላ ምን ያድርግ፣ ቸገረው።

ቅዳሜ ልጅቷ መጣች። ቁመቷ ትከሻውን አልፎ ሄዷል። ጫማዋን ሳታወልቅ ማሽኑ ጋ ሄዳ ሁለተኛውን ጆይስቲክ ተጫነች። ግድግዳው ጢጥ አለ።

«አባዬ! ይሄ እኮ እትዬ ቤት ነው የተገናኘው!» ብላ በሳቅ ሞተች። «ገመዱ የታለ? አሁን አስተካክለዋለሁ።»

«ቆይ… ዛሬ ባይሆንስ?»

ሳቋ ቀጥ አለ። ጆይስቲኩን ቀስ ብላ አስቀመጠችው።

«ደክሞሃል?» አለችው።

ተቆጥታ ብትለው ይሻለው ነበር። አልተቆጣችም፤ የለመደችው ነገር ነው። ተኳሹ ከተቀመጠበት ተነሳ፤ ገመዱን በገዛ እጁ ሰካው፣ ቁልፉንም ተጫነ። ቴሌቪዥኑ ላይ ሁለተኛ ተጫዋች የሚል ወጣ።

ያን ዕለት ተጫወቱ፣ ተጫወቱ። ኳሷን ወደ ራሱ ጎል ያስገባል፤ እሷ መሬት ላይ ትንከባለላለች። «አባዬ፣ ካውያ አደረግከው እኮ፣ አትጫነው፣ ነካ ብቻ!» ትለዋለች። እንዲህ የሳቀበትን ቀን አያስታውስም። እራት ሰዓት ሲደርስ ግን ጆሮው ወደ ግድግዳው ሄደ። ማዶ ዝም ነው። ኋላ የእግር ኮቴ ተሰማ፤ ወዲያ ይሄዳል፣ ወዲህ ይመለሳል።

«ተራህ ነው አባዬ» አለችው። ተጫወተ።

በማግስቱ አውቶቡስ ድረስ ሸኛት። ለእናቷ ደውላ «እማ፣ አባዬን አሸነፍኩት!» ስትል ሰማት። ተመልሶ ደረጃውን ሲወጣ እትዬ አዋላጅ ነጠላቸውን እንዳጣፉ በራቸው ላይ ቆመዋል።

«አላበራም» አሉት። «ትናንት አላበራም። ስለ መርከቡ የሚደወልበት ቢሮ ታውቃለህ? ባሕሩ ተናውጦ ይሆን?»

ከዚህ በኋላስ ዝም አይባልም። እዚያው ኮሪደሩ ላይ፣ ዓይኑን ጫማው ላይ ተክሎ፣ ሁሉንም ነገራቸው። ልጃቸው ምንም እንዳልሆነ፣ መብራቱ የእሱ ጣት እንደነበር፣ ትናንት ለምን እንደቀረ።

እትዬ አዋላጅ ነጠላቸውን ሰብሰብ አደረጉ።

«ታዲያ ልጄ አንድ ቀንም አላበራውማ» አሉ።

«አላበራም እትዬ።»

ገብተው በሩን ዘጉት። ያ የሚፈራ ምላሳቸው አንድ ስድብ እንኳ አልወጣውም፤ ቢሰድቡት ምን ነበረበት!

ከዚያ በኋላ ያሉት ማታዎች ክፉ ነበሩ። ተኳሹ ከሥራ ገብቶ ቁልፉን ሲጫን አሁን የሚበራው የገዛ ቴሌቪዥኑ ነው። ሁለተኛ ተጫዋች ይላል፤ አንደኛው የለም። አጥፍቶ ግድግዳውን ያዳምጣል። ከሩቅ ዘመድ የቅርብ ጎረቤት ይሻላል ይባላል፤ የቅርብ ጎረቤት ሲያኮርፍ እንዴት እንደሚርቅ ግን ማንም አልነገረውም። በሸሚዝ ላይ ካውያ ረስቶ አቃጠለ፤ በሥራ ዘመኑ ሆኖ አያውቅም።

አንድ ምሽት እራቱን ሊጀምር ሲል በሩ ተንኳኳ። እትዬ አዋላጅ ናቸው። አልተቀመጡም።

«ልጄ ዛሬ ደወለ፣ ወደብ ደርሶ። ስለ መብራቱ ብጠይቀው ‹የምን መብራት?› አለኝ።»

«ይቅርታ ያድርጉልኝ እትዬ።»

«ይቅርታህን ምን አደርገዋለሁ? እውነቱን አውቄም ቤቱ ጨለመብኝ።» ፊታቸውን አዞሩ። «ያንን ገመድ ይዘህ ና።»

ተኳሹ እራቱን እንደተከደነ ትቶ ጆይስቲኩንና ገመዱን ይዞ ተከተላቸው። ልጅቷ ስትመጣ መልሰው ይቀይሩታል፤ ገመድ እንደሆነ አለ። ዳንቴሉን ገለጥ አድርጎ ሰካው፣ ቁልፉን ተጫነ። ጢጥ። መብራቱ ረጋ።

እትዬ አዋላጅ እንደ ልማዳቸው «ደህና አመሸህ የኔ…» ብለው ጀመሩና ዋጡት። ከዚያ ወደ እሱ ዞሩ።

«ደህና አመሸህ ተኳሹ» አሉ።

ያን ሁሉ ማታ በግድግዳ ሲሰማው ኖሮ አንዴም መልሶላቸው አያውቅም።

«እግዚአብሔር ይመስገን» አለ። «እርስዎስ እንዴት አመሹ እትዬ?»