ከመሰላል የመውደቅ ሙያ

ዳኛቸው መውደቅ ያውቅ ነበር። ሰው ሁሉ ይወድቃል፤ እሱ ግን ተምሮ፣ ተለማምዶ፣ አሳምሮ ነው የሚወድቀው። ድምፅ የሌላቸውን የጥንት አጫጭር አስቂኝ ፊልሞች ከሰፈሩ ቤተ መጻሕፍት በካሴት እየተዋሰ፣ ባሕር ማዶ፣ ዊልስደን ባለችው ጠባብ ክፍሉ ፍራሹን መሬት ላይ ዘርግቶ ጎኑ እስኪበልዝ ይንከባለል ነበር። ከታች ያሉት ጎረቤት ጣሪያቸውን በመጥረጊያ እንጨት ሲደበድቡ ያርፋል፣ ሲተዉት ይቀጥላል።

ሙያውን ያለ ስስት ያስተማረው ለአንድ ሰው ብቻ ነው፤ ለአብሮ አደጉ ለብዙነህ። በሐበሻ ዝግጅቶች ሁለቱ አብረው ይወጣሉ። ዳኛቸው የቀለም ባልዲ ይዞ መሰላል ይወጣል፣ ብዙነህ መሰላሉን እንደያዘ ያንቀላፋል፤ የቀረውን ሆዱን ይዞ የሳቀ ያውቀዋል። ቀን ቀን ዌምብሊ የሆቴል ወለል የሚያጥበው ዳኛቸው ምኞቱ አንድ ነበር፦ እንደነዚያ ባለ ፊልም ላይ አንድ ጊዜ መውደቅ።

በፈረንጆቹ ዘጠናዎቹ አጋማሽ ቀን ወጣለት። እንዲህ ያለ ፊልም የሚሠሩ ተማሪዎች ዝግጅቱን አይተው «የሚወድቀውን ሰውዬ» ፈለጉት። ስልክ ያለው ብዙነህ ቤት ስለሆነ እዚያ ደወሉ።

«ምን አሉ?» አለ ዳኛቸው።

«ካንስል አድርገውታል ባክህ፤ እርሳው» አለው ብዙነህ ትከሻውን መታ መታ እያደረገ።

ዳኛቸው አመነ። ብዙነህን ካላመነ ማንን ሊያምን ነው?

በዓመቱ ለእንቁጣጣሽ ሆሎዌይ ባለው አዳራሽ «የብዙነህ ፊልም ይታያል» ሲባል ዳኛቸው ግራ እንደተጋባ ሄደ። መብራት ጠፋ። ብዙነህ ባልዲ ይዞ መሰላል ወጣ። አወጣጡ የዳኛቸው፣ መሀል ላይ ቆም ብሎ ጫማውን ማየቱ የዳኛቸው፣ ባልዲው ሲደፋበት አንድ እግሩን አየር ላይ ማቆየቱ የዳኛቸው። ያችን እግር ለማግኘት ዳኛቸው ክረምቱን ሙሉ ወገቡን ሲታሽ ከርሟል። ሌባ! ሌላ ስም የለውም።

የእኛ ሰው ደግሞ ሰው ሲወድቅ «እኔን!» ሳይል አይስቅም። ብዙነህ ወለሉ ላይ ሲዘረጋ አዳራሹ በአንድ አፍ «እኔን! ድፍት ልበልልህ!» አለና ከዚያ በሳቅ ፈረሰ። ዳኛቸው ብቻ «እኔን» ሳይል ቀረ።

አጠገቡ የተቀመጡት እትዬ ሙሉነሽ በክርናቸው ጎሸም አደረጉት።

«አንተ! ጓደኛህ እንዲህ ሲፈጠፈጥ ጭጭ ትላለህ? ምን ዓይነት ጨካኝ ነህ?»

የትልቅ ሰው ቃል አይጣልም።

«እኔን» አለ ዳኛቸው፣ ለብዙነህ።