ጋዲሴን ያሳደገው ሰው

ከአዳማ ወደ ሶደሬ በሚወስደው መንገድ ዳር ችግኝ የሚሸጠውን ጫምሳን የማያውቅ የሰፈራችን ሰው የለም። ዘለግ ያለ፣ ወሬ የማያበዛ፣ ዋጋ ሲከራከሩት ደግሞ ጭራሽ ዝም የሚል ሰው ነው። ማንጎ፣ አቮካዶ፣ ፓፓያ ይሸጣል። እኔ ዘውድነሽ ጡረታ የወጣሁ የባዮሎጂ መምህርት ነኝ፤ ጠዋት ጠዋት እግሬን ለማፍታታት ስወጣ እሱ ጋ ዐረፍ እላለሁ። ይህን የምጽፈው ስለ ጫምሳ ቢሆንም የራሴም ጥፋት አለበት፤ ከወዲሁ ይታወቅልኝ።

ከችግኞቹ ጀርባ በአረንጓዴ መረብ የተሸፈነ፣ ገዢ የማይገባበት ጥግ አለ። አርባ ዛፎች እዚያ ቆመዋል፤ አይሸጡም። ትልቁ እንኳ ከጫምሳ ቁመት ብዙም አይበልጥም። ዛፏን በጫምሳ አገር ጋዲሴ፣ የጥላዋ እንደ ማለት፣ ይሏታል፤ ከሌሎች ዛፎች ጥላ ሥር ካልሆነ አትኖርምና። አገሩ ከሻሸመኔ በላይ፣ ጭጋግ የማይለየው ደን ጥግ ነው። ዝግባውና ጥቁር እንጨቱ ከላይ፣ ጋዲሴ ከታች፣ መሬቱ በጋም ክረምትም እርጥብ። ማለቴ፣ እንደዚያ ነበር። አሁን የቀረው አንድ ገደል ውስጥ ያለ ቁራጭ ደን ብቻ ነው፤ ሌላው ድንችና በቆሎ ሆኗል።

ከአሥራ አንድ ዓመት በፊት ለእናቱ ለቅሶ ሄዶ ደኑን ሲያየው ደነገጠ። ጋዲሴዎቹ በጣት የሚቆጠሩ ሆነዋል። ፍሬ ለቅሞ እንዳይዘራ፣ ጦጣ ሳይበስል ይጨርሰዋል። ስለዚህ ችግኝ የሚያፈላ ሰው ሁሉ የሚያደርገውን አደረገ፤ ከሁሉም ቀጥ ያለውን፣ ጤነኛውን ዛፍ መርጦ ቅርንጫፎች ቆረጠ፣ በእርጥብ ጆንያ ጠቅልሎ በሚኒባስ አዳማ ይዞ መጣ። ሐሳቡ ቀላል ነበር፤ ያድጋሉ፣ ያፈራሉ፣ ከፍሬያቸው ብዙ ሺህ ችግኝ አፍልቶ ገደሉን መልሶ ይሞላዋል።

በአዳማ ፀሐይና ነፋስ! "ጤናህ ነው?" ብዬዋለሁ። ከተከላቸው ሥር የሰደደው ሲሶ አይሞላም። እሱ ግን መረቡን ደራርቦ፣ ሥራቸው ደረቅ ሣር ጎዝጉዞ፣ በቀን ሦስት ጊዜ ውኃ እየረጨ አሳደጋቸው። ውኃ ሲጠፋ ከሮቶው መጀመሪያ የሚቀዳው ለነሱ ነው። ባለቤቱ ኑሰይባ፣ "እኔም መረቡ ሥር ብቆም ያጠጣኝ ይሆን?" እያለች ታሾፍበት ነበር።

አምና በጥቅምት ለመጀመሪያ ጊዜ አበቡ። "ቲቸር፣ ይምጡ፣ ቶሎ ይምጡ!" ብሎ ሲደውል ሰው የሞተ መስሎኝ በነጠላ ጫማ ሮጥኩ። ከጥፍር የማይበልጡ ነጫጭ አበቦች ቅርንጫፉን ሞልተውታል። ጫምሳ በደስታ ያለቅሳል። ፍሬ ስንጠብቅ አበባው ረገፈ። እኔም እንደ ዐዋቂ፣ "ንብ አንሷቸው ነው" አልኩና ቀፎ አስገዛሁት። ሠላሳ ዓመት ሙሉ ወንዴና ሴቴ አበባ ሰሌዳ ላይ ስሥል የኖርኩት ሴትዮ አንዷን አበባ ገልጬ አላየሁም።

ዘንድሮ በጥቅምት ዳግም ሲያብቡ ድሮ ያስተማርኳትን ሊዲን ለምኜ አመጣኋት። የዕፅዋት ተመራማሪ ናት። በአጉሊ መነጽር አንዱን አየች፣ ሌላውን አየች፣ ከዚያ አርባውንም ዞረች።

"ጋሼ፣ ሁሉም ከአንድ ዛፍ ነው የመጡት?"

"አዎ። ከደህናው።"

"ሁሉም ወንዴ ናቸው። ሴቴ ዛፍ ከሌለች መቼም ፍሬ አይኖርም።"

ጫምሳ ፓፓያ ሻጭ ነው። የተከልኩት ወንዴ ሆነብኝ ብሎ ለሚመጣ ሰው ሳይከራከር ይቀይርለታል። የጓሮ ዛፍ ላይ የሚያውቀውን ግን የደን ዛፍ ላይ አላሰበውም፤ የማያፈራው ጉልበቱን ለግንዱ ያዋለ ጎበዝ መስሎት መረጠው። እኔም አላሰብኩትም። አሁንም ያናድደኛል።

ዛፏ ከዚያ ገደል በቀር ሌላ ቦታ ታይታ እንደማታውቅ ሊዲ ነገረችን። እዚያ አንዲት ሴቴ ከተገኘች ግን ይበቃል። በማግስቱ ሦስታችን ሻሸመኔ፣ ከሻሸመኔም በባጃጅ ዳገቱን ወጣን። የጫምሳ ታናሽ ወንድም ምልኬሳ ደኑ ጥግ ነው የሚያርሰው። "አካም ጅርቱ!" እያለ ሁላችንንም አቅፎ ተቀበለንና ቀጥታ ወደ ገደሉ ወሰደን። አንድ ጋዲሴ ዙሪያው በእሾህ ታጥሮ ቆሟል። ጫምሳ የዛሬ አሥራ አንድ ዓመት ቅርንጫፍ የቆረጠበት ራሱ ነው።

"ሌሎቹስ?" አለ ጫምሳ።

"ቆረጥኳቸዋ!" አለ ምልኬሳ እየሳቀ። "አንተ አይደለህ ያልከኝ? 'ይህን ዛፍ ብቻ ጠብቅልኝ፣ የቀሩት ጦጣ ከመጥራት በቀር ጥቅም የላቸውም' ብለህ። እውነትህን ነው፤ ፍሬያቸውን ሊበላ የመጣ ጦጣ ሁሉ በቆሎዬን ነው የጨረሰው። የመጨረሻውን ገና ባለፈው ወር ጣልኩት። ይህን ግን ከብት እንኳ አላስነካሁም።"

ባለፈው ወር። አምና አበባውን ገልጬ አይቼ ቢሆን ኖሮ ሴቴዋ ቆማ ነበር።

ሊዲ ገደሉን ላይ ታች ስትል ዋለች። ያገኘችው ጉቶ ብቻ ነው፤ እሱም እንዳያቆጠቁጥ ተቃጥሏል። ጫምሳ ወንድሙን ትክ ብሎ አየው። ይጮህበታል ብዬ ስጠብቅ፣ "ጥሩ አድርገሃል፤ አደራህን ጠብቀሃል" አለው።

ምልኬሳ ፊቱ በራ። "ታዲያ አርባዎቹን መቼ ነው የምታመጣቸው?"

"በክረምት" አለ ጫምሳ።

ስንመለስ ለምን እንደዋሸው ጠየቅኩት። "ምን ልበለው ቲቸር? የጨረስኳቸው እኔ ነኝ። እሱ የታዘዘውን ነው የሠራው" አለኝና ፊቱን ወደ መስኮቱ አዞረ። 

አሁን ሰኔ ነው። ጫምሳ ዛሬም በቀን ሦስት ጊዜ ያጠጣቸዋል፤ ለምን ብዬ አልጠይቀውም። ትናንት አጠገቡ ተቀምጬ ሳለ ምልኬሳ ደወለ። ድምፁ እኔ ድረስ ይሰማል፤ ኦሮምኛዬም ለዚህ ያህል አያንስም። ዝናቡ ገብቷል፣ አርባውንም ጉድጓድ ቆፍሬ ጨርሻለሁ፣ መቼ ትመጣለህ ይላል። ጫምሳ ስልኩን ሳይዘጋ ጉልበቱ ላይ አስቀመጠው። ምልኬሳ መስመሩ የተቋረጠ መስሎት "ሄሎ? ሄሎ?" ማለቱን ቀጠለ።