ከጀርመናዊው ኳስ ተጫዋች የተወሰደ ስም

ቤሩት በገባሁ በማግስቱ ማዳሜ ስም አወጣችልኝ። የራሴ ስም ለምላሷ ከበዳት። ሞከረች፣ ደግማ ሞከረች፣ ከዚያ አየሩን በእጇ ጠረግ አድርጋ «ኸላስ»፣ በቃ፣ አለችና የአንዲት አበባ ስም በፈረንሳይኛ ሰጠችኝ። ያጠመቁኝ ቄስ እንኳ ከዚያ የበለጠ ጊዜ ወስደውብኛል። እያደር ግን አበባዋ እኔ ብቻ አለመሆኔን አወቅሁ። ባዳሮ ሰፈር ውስጥ በምንኖርበት ሕንጻ ከእኛ በላይ የምትሠራው የጎንደር ልጅም፣ ከመንገዱ ማዶ ያለችው የአዲስ አበባ ልጅም ያንኑ አበባ ተብለዋል። አንዷ ማዳም በተጣራች ቁጥር ሦስታችንም በረንዳ ላይ ብቅ እንልና የማንኛችን እንደሆነች ለይተን፣ ሁለታችን ስቀን እንመለሳለን።

የአገሩ የእርስ በርስ ጦርነት ካበቃ ጥቂት ዓመታት ሆኖታል፤ ከተማው ፍርስራሹን እየጠረገ እንደገና የሚሠራበት ጊዜ ነበር። ሚስተር፣ ማለት የማዳም ባል፣ የወለል ንጣፍና እብነ በረድ ነጋዴ ነው። ሲበዛ ዝምተኛ ነበር፤ ጨው እንኳ የሚጠይቀው በጣቱ እያመለከተ ነው። የእኔ ሥራ ቤት ማጽዳት፣ ልብስ መተኮስ፣ ከሁሉም በላይ ግን የሚስተርን አባት መጠበቅ ነበር። ሰማንያ ሊደፍኑ ጥቂት የቀራቸው ሽማግሌ ናቸው። ቤቱ ሁሉ «ጂዶ» ይላቸዋል፣ አያቴ እንደማለት። እኔም ጂዶ አልኳቸው፤ እሳቸው ደግሞ አበባዋን ትተው «ያ ቢንቲ»፣ ልጄ፣ ይሉኝ ጀመር።

እሑድ ከሰዓት ሚስተር ራውሼ ድረስ በመኪና ያደርሰንና ጂዶን ደግፌ በባሕሩ ዳር አንሸራሽራቸዋለሁ። ሲራመዱ ልክ እንደ መርከበኛ ግራና ቀኝ ይወዛወዛሉ፤ እኔም ክንዳቸውን ይዤ አብሬ እወዛወዛለሁ። አንድ እሑድ አግዳሚው ላይ አረፍ እንዳልን እናትና አባቴ ያወጡልኝ ስም ምን እንደሆነ ጠየቁኝ። ነገርኳቸው። ሊጠሩት ሞከሩና ከማዳም የባሰ አደረጉት። ስለዚህ ትርጉሙን ጠየቁኝ። ከእኔ በፊት እናቴ አንድ ወንድ ልጅ ቀብራ እንደነበር፣ ስሜም በእሱ ፈንታ እንደመጣሁ የሚናገር መሆኑን በዚያ በተሰባበረ አረብኛዬ አስረዳኋቸው።

ጥቂት አሰቡና «ያኒ፣ ማለትም፣ ተቀያሪ ተጫዋች ነሽ» አሉኝ።

ከዚያ ቀን በፊት ስለ ኳስ ሲናገሩ ሰምቻቸው አላውቅም። የራሳቸውን ስም ታሪክ የነገሩኝም ያኔ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። አገሩን ፈረንሳይ በሚገዛበት ዘመን፣ ጂዶ ገና ጎረምሳ ሳሉ፣ አንድ ጀርመናዊ የልብስ ስፌት መኪና ሊሸጥ ቤሩት ይመጣል። በአገሩ ስመ ጥር ኳስ ተጫዋች ነበር፤ ጉልበቱን ተጎድቶ ነው የተወው። ቅዳሜ ቅዳሜ ዛልቃ በሚባል ሰፈር፣ በብርቱካን እርሻውና በባሕሩ መካከል በነበረ አሸዋማ ሜዳ ላይ የሰፈሩን ወጣቶች ሰብስቦ ያጫውት ጀመር። ሰውየው እግሩ ጠማማ ነበር። ጂዶ እንዳሉት፣ ቀጥ ብሎ ሲቆም በጉልበቶቹ መካከል በግ ያልፋል። የሚከላከለው ሰው ኳሷን ከየትኛው እግሩ እንደሚነጥቀው ግራ ይገባዋል። ኳሷ አንዴ በሁለቱ መካከል ገብታ ከኋላ ስትወጣ ተከላካዩ ገና ከፊት ይፈልጋታል።

አንድ ቀን ከፈረንሳይ ወታደሮች ጋር ገጠሙ። ጀርመናዊው ኳሷን በተረከዙ ወደ ኋላ መታት፤ በረኛው ወደ ግራ ዘለለ፣ ኳሷ በቀኝ ገባች። ወዲያው የወታደሮቹ አለቃ መሽቷልና ጨዋታው አብቅቷል ብሎ አወጀ። «ፀሐይዋ ግን አናታችን ላይ ነበረች» አሉኝ ጂዶ፣ አሁንም እንደተናደዱ።

ከዚያ ወዲህ ጂዶ ከጀርመናዊው ሌላ ሰው መሆን አቃታቸው። እንደ ጀርመናዊው ሊመቱ፣ እንደ ጀርመናዊው ሊቆሙ፣ አልፎም እንደ ጀርመናዊው ሊራመዱ ተለማመዱ። እናታቸው እግሩ ታሞ ነው ብላ ወደ ወጌሻ ወሰደቻቸው። የሰፈሩ ሰው ደግሞ በጀርመናዊው የቤተሰብ ስም ይጠራቸው ጀመር። ሰውየው ወደ አገሩ ተመለሰ፤ ስሙ ግን ቀረ። ጂዶ አድገው መሀል ከተማ የጫማ ሱቅ ሲከፍቱ ሱቁ ደንበኛ እንዳይጠፋው ብለው ያንኑ ስም በሩ ላይ ጻፉት። ልጃቸው ትምህርት ቤት ሲገባም በዚያው ስም ተመዘገበ። ሱቁ በጦርነቱ ተቃጠለ። የጥንቱ የቤተሰባቸው ስም ደግሞ ቀስ በቀስ ተረስቶ፣ ፈረንጅ ሲሰማው የሚደነግጥበት ይኸኛው ብቻ ቀረ።

እኔ ግን ከዚያ በፊት የሰማሁት ሌላ ታሪክ ነው። ማዳም ለእንግዶቿ ስትናገር፣ ስሙ ከመስቀል ጦረኞች ጋር ከመጣ አንድ የጀርመን መስፍን የወረደ ነው። መስፍኑ እዚህ ቆንጆ አይቶ ቀረ፤ የባሏ ዓይን አረንጓዴ የሆነውም ከእሱ ነው። ይህን ስትል ሚስተር አረንጓዴ ዓይኑን ሳህኑ ላይ ተክሎ ይበላል። አዎም አይልም፣ አይደለምም አይልም።

ነገሩ የፈነዳው አንድ ቀን በምሳ ሰዓት ነው። ሚስተር ከአንድ ጀርመናዊ መሐንዲስ ጋር ይተዋወቃል፤ ሰውየው ከተማውን እንደገና ከሚሠሩት አንዱ ስለሆነ ብዙ የወለል ንጣፍ ይፈልጋል። ማዳም ከነሚስቱ ለምሳ ጠራችው። ከዋዜማው ጀምሮ ቤቱ ተገለበጠ። ዓሣው በሰሊጥ መረቅ፣ ታቡሌ የሚሉት የቅጠል ሰላጣ፣ የተሞላው ዱባ፣ ሁሉም ተሰናዳ። ለእኔ የተሰጠኝ ትእዛዝ ግን ከምግቡ የከበደ ነበር፤ ጂዶን አስቀድሜ አብልቼ፣ እንግዶቹ እስኪሄዱ ከክፍላቸው እንዳይወጡ ማድረግ።

አበላኋቸው። ከበሉ በኋላ የዓሣው ሽታ ከየት እንደመጣ ጠየቁ። እንግዳ አለ አልኩ። የየት አገር ሰው ነው አሉ። እሳቸውን መዋሸት አልሆንልሽ አለኝና ከአልማንያ ነው አልኩ፤ ጀርመንን እንዲያ ነው የሚሏት።

ጂዶ ብርድ ልብሱን ከላያቸው ገፈው ቡናማ ሱፋቸውን እንዳወጣላቸው ጠየቁኝ። ማዳም እንደከለከለች ነገርኳቸው። ማዳም በጣም ጥሩ ሴት እንደሆነች ገልጸው ክራባቱንም እንድጨምር አዘዙኝ። በሩ ላይ ቆሜ ለመንኳቸው።

«ያ ቢንቲ» አሉኝ ረጋ ብለው፣ «ዕድሜዬን ሙሉ በአንድ ሰው ስም ስጠራ ኖሬ ምን ማለት እንደሆነ የሚነግረኝ አላገኘሁም። አንቺ የስምሽን ትርጉም ታውቂያለሽ። ጫማዬን እሰሪልኝ።»

አሰርኩላቸው።

ሳሎን ስንገባ እንግዶቹ ፍራፍሬ ላይ ደርሰዋል። ማዳም እኔን ያየችበት ዓይን ግድግዳ ይበሳ ነበር፤ አፏ ግን ለእንግዶቹ ፈገግ እንዳለ ነው። ጂዶ እጅ ነስተው ተቀመጡና ልጃቸውን፣ የስሜን ትርጉም ጠይቅልኝ አሉት። ሚስተር ማዳምን አየ። ማዳም ግን እንደፈራሁት አልከለከለችም፤ እንዲያውም ደስ አላት። መስፍኑን ጀርመናዊው በራሱ አፍ ሊመሰክርለት ነው። ራሷ በፈረንሳይኛ ጠየቀችው።

መሐንዲሱ ስሙን ሲሰማ የሚያኝከውን ወይን ዋጠ። ሚስቱን አየ፤ ሚስቱ መሐረቧን አየች። ከዚያ በትሕትና አጠር አድርጎ አንድ ነገር ተናገረ። ማዳም «ሜርሲ» አለችና በለስ ጨመረችለት።

ጂዶ ምን አለ ብለው ጠየቁ። ማዳም ሰውየው ምግቡን እያደነቀ ነው አለቻቸው። ጂዶ ወደ ልጃቸው ዞረው ጠበቁ። ሚስተር በዚያ ቤት በኖርኩበት ጊዜ ሁሉ ሙሉ ዓረፍተ ነገር ሲናገር የሰማሁት ጥቂት ጊዜ ነው፤ ይኼ አንዱ ነው።

«አባቴ፣ ጠማማ እግር ማለት ነው ይላል። ከድሮ አባቶቻቸው አንዱ እግሩ ጠማማ ስለነበረ የወጣ ስም ነው።»

እኔ ትሪውን ይዤ ግድግዳው ላይ ተለጠፍኩ። ከዚያ የጂዶ ትከሻ መንቀጥቀጥ ጀመረ፤ እያለቀሱ መስሎኝ ልሮጥ ስል ሳቃቸው ወጣ። እንባቸው እስኪወርድ ሳቁ። ሱሪያቸውን እስከ ጉልበታቸው ሰብስበው እነዚያን እንደ ቀስት የጎበጡ እግሮቻቸውን ለጀርመናዊው አሳዩት። ጫማ ሻጭ ነበርኩ፣ ሳይለካ እንዲህ ልክ የገባ ጫማ ግን አይቼ አላውቅም አሉ። ሚስተር ቃል በቃል ተረጎመው።

ከዚያ ጂዶ ስለ ራሱ ስለ ተጫዋቹ ጠየቁ። መሐንዲሱ ይቅርታ ጠይቆ፣ እንደዚህ ያለ ተጫዋች ሰምቶ እንደማያውቅ፣ እሱ ከልጅነቱም ብስክሌት እንደሚወድ ተናገረ። ጂዶ ወደ ልጃቸው ጎንበስ ብለው የስዊዘርላንድ ሰው እንዳይሆን አጣራ አሉት። ይህን ሚስተር አልተረጎመም።

ሰውየው ካላወቀ ሊያሳዩት ተነሡ። ከፍራፍሬው ሳህን ብርቱካን አንሥተው ምንጣፉ ላይ አስቀመጡ፤ እኔንም የፈረንሳይ በረኛ አደረጉኝና በሁለት ወንበሮች መካከል አቆሙኝ። ሽርጥ ታጥቄ ብርቱካኑን ልይ ወይስ የማዳምን ፊት ልይ እያልኩ ስወዛገብ፣ ጂዶ በልጃቸው ትከሻ ተደግፈው ጀርባቸውን ሰጡኝና በተረከዛቸው መቱት። ወደ ግራ ዘለልኩ። ብርቱካኑ በቀኝ በኩል አለፈና እስከዚያ ድረስ ከምስጋና በቀር ምንም ያልተናገረችው የመሐንዲሱ ሚስት እግር ሥር ደረሰ።

ወፍራም፣ እርጋታ ያላት ሴት ናት። ብርቱካኑን በጫማዋ አቆመችው። ጫማዋን አወለቀች። ከዚያ በካልሲ እግሯ መልሳ ስትመታው በእግሮቼ መካከል አልፎ ከሶፋው ሥር ገባ። በወንድሞች መካከል ነው ያደገችው ሲል ባሏ አስረዳ፣ ፊቱ እንደ ቲማቲም ቀልቶ። ጂዶ እጇን ስመው እውነተኛዋ ጀርመናዊት እሷ መሆኗን መሰከሩላት። የወለል ንጣፉም ጉዳይ በዚያው ምሳ አለቀ፤ ለማዳም ቁጣ ማብረጃ የሆነልኝ እሱ ነው።

እንደዚያም ሆኖ ለጥቂት ቀናት በእጅ ምልክት ብቻ ነበር የምታዘኝ፤ ቤቱ በሙሉ ሚስተር የሆነ መሰለኝ። በሳምንቱ ግን በረንዳ ላይ ልብስ ሳሰጣ ለጎረቤቷ ስትናገር ሰማኋት። ጀርመናዊው መሐንዲስ ራሱ አረጋግጦላታል፤ ስሙ ፈረስ በመጋለብ ብዛት እግሩ የጎበጠ ሰው ማለት ነው። ዱሮ ደግሞ ፈረስ የሚጋልብ ማን ነው? መስፍን ነው። የያዝኩት አንሶላ ከእጄ አምልጦ ታች ወደ መንገዱ ወረደ።

ሮጬ ለጂዶ ነገርኳቸው። አልተቆጡም። «ተያት» አሉኝ፣ «ፈረሱ ለእግሬም ጥሩ ነው።»

ከዚያ ምሳ ወዲህ ሚስተር ላይ አንድ ለውጥ አየሁ። አንድ ቅዳሜ የእሑዱን ሽርሽር ሳይጠብቅ ይዞን ወጣ፤ መኪናውን ወደ ሰሜን አዞረና፣ ሜዳው የት ነበር ብሎ አባቱን ጠየቀ። ዛልቃ በአውራ ጎዳናው ዳር ከወዲያ ወዲህ ስንመላለስ ቆየን። የብርቱካን እርሻ የለም፤ ሁሉም ሕንጻና ማስታወቂያ ነው። በመጨረሻ ጂዶ እዚህ ነው ያሉበት ቦታ የመኪና መሸጫ አዳራሽ ሆኖ ተገኘ። መስተዋቱ የሚያብረቀርቅ፣ ትልቅ ነው።

ያላ፣ እንግባ አሉ ጂዶ። አንድ ወጣት ሻጭ ሱፋቸውን አይቶ ሮጦ መጣ። ጂዶ አዳራሹን ከዳር እስከ ዳር ከቃኙ በኋላ መሀል ላይ የቆመች ጥቁር መኪና እያመለከቱ፣ ይህቺ ግቡ ውስጥ ነው የቆመችው አሉት። ሻጩ አልገባውም፤ መኪናዋ የተወደደች መስሎት በሩን ከፈተላቸው። ገብተው ከመሪው ኋላ ተቀመጡ። በግራ እጃቸው መሪውን ይዘው፣ በቀኛቸው የፈረንሳይ ወታደሮችን አሰላለፍ እያሳዩ፣ ያንን ጨዋታ ከመጀመሪያው ተረኩለት። ሻጩ በመጀመሪያ ስለ ሞተሩ ሊነግራቸው እየሞከረ ነበር። ኋላ ተወውና ሌሎቹን ሻጮች ጠራቸው።

ሚስተርና እኔ ወደኋላ ብለን ቆምን። ትምህርት ቤት ሳለ ልጆቹ በስሙ እየሳቁበት ብዙ እንደተደባደበ፣ ምን ማለት እንደሆነ ግን እንዳያፍር ብሎ አንድ ቀንም ጠይቆ እንደማያውቅ ነገረኝ። ይህን ያህል ሲያወራ ሰምቼው ስለማላውቅ፣ እንዳያቆም ብዬ ጭንቅላቴን ነቀነቅሁ።

ጂዶ አልወርድም አሉ። ወንበሩ ለወገባቸው ተስማምቷቸዋል። የአዳራሹ መብራት በየተራ እየጠፋ፣ የብረቱ በር ግማሽ እስኪወርድ ድረስ ስለ ሁለተኛው ግማሽ እያወሩ ነበር፤ አለቃው ያስቆመው ሁለተኛው ግማሽ ባይቆም ኖሮ ምን ይሆን እንደነበር። በመጨረሻ ያ ወጣት ሻጭ ራሱ ደግፎ አወጣቸው። እጁን ጨብጠው በሚቀጥለው ቅዳሜ እንደሚመለሱ ነገሩት፤ ሻጩም መኪናዋን እስከዚያ እንደማይሸጣት ቃል ገባ። ቅዳሜ ስንመለስ መኪናዋ በቦታዋ ነበረች፤ በሩንም ከፍቶ ጠበቃቸው።