መርዶ ለካርቱኒስቱ ወንድም

የታሰርኩት አንድ የልጆች መጽሐፍ ደራሲ የት ሰፈር እንደተወለደ በመጠየቄ ነው። ሰውዬው ካርቱንም ይሥል ነበር፤ ከሞተ ዓመት አልፎታል። የሕይወት ታሪኩን ልጽፍ ሙጃ ሄጄ ገና ሰው ማነጋገር ስጀምር ያዙኝና ላሊበላ ወስደው አሰሩኝ። መርማሪው ወረቀቶቼንና የሰውዬውን ካርቱኖች አገላብጦ፣ «ኮት ለለበሰ ጅብ ሥዕል ብለህ ነው ከአዲስ አበባ ድረስ የመጣኸው? በል እውነቱን አውጣ!» አለኝ። እውነቱ ያው ነበር፤ ማን ይመነኝ!

ክፍሏ ጠባብ ናት። የሽንት ባልዲው ሽታ ገና ከበሩ ይቀበላል። ጠዋት ጠዋት ቅዳሴው ከሩቅ ይሰማል፣ ከዚያ ዝም ነው። ሌሎቹ ስንቅ መጣላችሁ ተብለው ሲጠሩ እኔ ግድግዳ አያለሁ። ብቸኝነት እንዲያ አንጀት እንደሚበላ አላውቅም ነበር።

እንጀራቸውን ያካፈሉኝ «ልጅዎ ጫካ ገብቷል» ተብለው ከዚያው ከሙጃ የመጡ አዛውንት ገበሬ ናቸው። አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ በምን እንደታሰርኩ ጠየቁኝ። የደራሲውን ስም ስጠራ ፊታቸው በራ።

«ታናሽ ወንድሜኮ ነው! የኔታን አውራ ፍየል አድርጎ በከሰል በራቸው ላይ ሣላቸዋ! እኔ ነኝ ብዬ ተገረፍኩለት። እኔኮ እንኳን ፍየል መሣል፣ ቀጥ ያለ መስመር ማስመር አልችልም!» ብለው እስኪያስላቸው ሳቁ። «በጦርነቱ ስልክ ከጠፋ ወዲህ ድምፁን አልሰማሁም። ስፈታ ቤቴም አልገባ፣ ቀጥታ እሱ ዘንድ ነው።»

ለካ መሞቱን አልሰሙም!

ቀስ ብዬ ለክፍላችን አለቃ፣ ለአንድ ሙስሊም ነጋዴ፣ በጆሮው ነገርኩት።

«በአላህ፣ አሁን እንዳትተነፍስ» አለኝ። «መርዶ ሊመሽ ሲል ይነገራል እንዴ? ጎህ ሲቀድ፣ ዘመድ ከቦ ነው እንጂ።»

«ዘመድ ከየት ይመጣል?»

«እኛስ ምን ሆነን?»

ጎህ ሲቀድ ፊታችንን ታጥበን ዙሪያቸውን ተቀመጥን። ነጋዴው ከኋላ ትከሻቸውን ያዘ። አዛውንቱ አንድ በአንድ አዩንና ጋቢያቸውን ሰበሰቡ።

«ማንን ነው?» አሉ።

«ወንድምዎን» አልኩ።

«ወንድሜን! ወይኔ ወንድሜን!»

ሁላችንም አለቀስን። እኔ በአካል አይቼው ለማላውቀው ሰው እንደ እናቴ ልጅ ነው ያለቀስኩት።

በዚህ መሃል በሩ ተከፈተ። ፖሊሱ ስሜን ጠርቶ፣ «ተፈተሃል፣ ዕቃህን ያዝ» አለኝ። ያችን ቃል እንዴት ስናፍቃት እንደነበር!

«ለቅሶ ላይ ነኝ፤ ትንሽ ጠብቀኝ» አልኩት።

ሊቆጣ አፉን ከፈተ፤ አዛውንቱን ሲያይ ተወው። ቆቡን አወለቀ። «እግዜር ያጥናዎት፣ አባባ» ብሎ የበሩ ደፍ ላይ ተቀመጠ። እስኪበቃን ጠበቀን።

አሁን መጽሐፉን እየጨረስኩ ነው። ሙጃ ስንት ጊዜ ሰው ልኬ አስጠየቅኩ፤ አዛውንቱ ተፈትተው መጡ የሚለኝ አላገኘሁም። እኔ ስወጣ የለቅሶው የመጀመሪያ ቀን ነበር። ሰልስቱን ማን አብሯቸው እንደተቀመጠ እስከ ዛሬ አላውቅም።