ዜሮ የሰጡት ዳኛ

አሜሪካ፣ ባልቲሞር ከተማ ምዕራብ ሰፈር ላሞንትን የማያውቅ የለም። አዘቦት ቀን የከተማ አውቶብስ ይነዳል፤ እሑድ ከሰዓት ደግሞ እኔ በምመራው የግጥም ውድድር መድረክ ላይ ይወጣል። ወንድ ሆነው ወንድ፣ ሴት ሆነው ሴት በማፍቀራቸው ከቤት የተባረሩ ጥቁር ልጆች የሚያድሩበት ቤት እንዲከፈት የከተማውን ምክር ቤት መውጫ መግቢያ ያሳጣው እሱ ነው። በየስብሰባው የሚያሰማው ያንኑ አንድ ግጥም ነበር፤ የእንጀራ አባቱ ኦቲስ፣ ወንድ እንደሚወድ ያወቀ ዕለት፣ በዝናብ እንዴት እንዳባረረው። ኦቲስ ሞቷል። እኔም ሴት አፍቅሬ ከቤት የተባረርኩ ነኝና ግጥሙን በሰማሁ ቁጥር ሰውዬውን ከነመቃብሩ እረግመው ነበር።

"እማ አንድ ቀን መጥታ ብትሰማኝ ሌላ ምንም አልፈልግም" ይለኛል ላሞንት። ስልኩን ግን አታነሳለትም።

ደንባችን ዳኞቹ ከታዳሚው የሚመረጡ፣ ገጣሚዎቹን የማያውቁ ሰዎች እንዲሆኑ ነው። አንድ እሑድም እንደ ልማዴ አዲስ ፊት ፍለጋ በአዳራሹ ዞርኩ። የእሑድ ባርኔጣ ያደረጉ ሴትዮ የተጠበሰ ዓሣቸውን ሳይነኩ ጥግ ላይ ተቀምጠዋል።

"እሜቴ፣ ከገጣሚዎቹ የሚያውቁት አለ?"

ትንሽ አሰቡና "አውቃለሁ ማለት አልችልም" አሉኝ። እኔ ችኩል ደግሜ ሳልጠይቅ የነጥብ ካርዶቹን ሰጠኋቸው።

ላሞንት ወጣ። መብራቱ ዓይኑ ላይ ስለሚያርፍ ከመድረክ ሰው አይለይም። ግጥሙን ሲጨርስ አዳራሹ በጭብጨባ ተናጋ። ዳኞቹ ዘጠኝና አሥር አነሱ። ሴትዮዋ ዜሮ።

እኛ ዘንድ ትንሽ ነጥብ የሰጠ ዳኛ ይጮህበታል።

"ኧረ ጆሮ የላትም እንዴ! አስወጧት!"

እኔስ መች አረፍኩ! "ካርዱን ገልብጠው ይዘውት ነው እንዳልል፣ ዜሮ ቢገለበጥም ዜሮ ነው!" ብዬ አሾፍኩባቸው።

ሴትዮዋ ተነሱ።

"ውሸት ነው" አሉ። "ኦቲስ እግሬ ላይ ወድቆ ሲለምነኝ ነበር። ያባረርኩት እኔ ነኝ። እናቱ።"

እኔ የምገባበት ጠፋኝ። ላሞንት መብራቱን በእጁ ጋረደ።

"እማ?"

"ለምን ትዋሻለህ? ሙት በኔ ኃጢአት ሲሰደብ ዝም ብዬ ልስማ?"

"እውነቱን ከተናገርኩ መቼም አትመጪም ብዬ ነዋ!"

"ይኸው መጣሁ። አሁን ተናገር።"

ላሞንት ግጥሙን ከመጀመሪያው ጀመረ። እሱን ለማባረር በሩ የተከፈተበት ቦታ ሲደርስ "እናቴ..." አለና ድምፁ ተዘጋ። ገጣሚ ሲጨንቀው "በል! በል!" እያልን ማበረታታት ልማዳችን ነው። ያን ቀን ግን አንዳችንም አፋችንን ለመክፈት አልደፈርንም።

"በል ልጄ" አሉት እናቱ፣ እንባቸው እየወረደ። "በል፣ እንዳትምረኝ።"