የአስረኛ ክፍል ካርድ

መርሳ ባለ የእህል መጋዘን ውስጥ አምስት ዓመት ሙሉ ጆንያ እየቆጠርኩ አስረክቤያለሁ። ዘንድሮ ቆጠራው በማሽን ሊሆን ነው፣ ወልድያ ሄዶ ያልሰለጠነ ከሥራ ይወጣል ተባለ። እኔም ልጄን አዝዬ በጠዋቱ ሚኒባስ ሄድኩ።

የማሠልጠኛው በር ላይ ሽማግሌው ዘበኛ እጃቸውን ዘረጉልኝ።

«የአስረኛ ክፍል ካርድሽን፣ ልጄ።»

«ከስምንተኛ ነው ያቋረጥኩት፣ አባባ። ሥራውን ግን አውቀዋለሁ።»

«እሱን ለአለቆቹ ንገሪ። እኔ የታዘዝኩት ካርድ እንዳይ ነው።»

ጆንያ ነክተው የማያውቁ ወጣቶች ካርዳቸውን እያሳዩ በጎኔ አለፉ። ልጄ ማልቀስ ጀመረች። ላባብላት ዞር ስል አጥሩ ላይ የተሰቀለ ትልቅ ባነር አየሁ። «ሠልጥነን እንለወጥ» ይላል። ከጽሑፉ ሥር ማሽን ይዤ የቆምኩት እኔ ነኝ፤ ጀርባዬ ላይ ያለችውም ልጄ ናት። ለካ ባለፈው ዓመት መጋዘናችንን ሊጎበኙ የመጡት ሰዎች ማሽኑን አስይዘው ፎቶ ያነሱኝ ለዚህ ኖሯል። እንዳነሱኝ ወዲያው ነበር ከእጄ የተቀበሉኝ።

«አባባ፣ እስቲ ይዩት! እኔ እኮ ነኝ!»

ባነሩን አዩ፣ እኔን አዩ፣ እንደገና ባነሩን አዩ።

«መመሳሰሉንስ ትመሳሰላላችሁ» አሉኝ በሩን እየዘጉ፤ «እሷ ግን የተማረች ናት።»