የኦቦ ለሜሳ ሦስተኛ መስመር

«ኦቦ ለሜሳ ሲያነቡ እኮ ሙት ይነሳል!» አለች አንዲት ሴትዮ ቀብር ላይ፣ ከኋላዬ ቆማ። እኔም አምኜ ሳጥኑን ትክ ብዬ አየሁት... ሟች አልተነሱም።

እድራችን የሟቾችን የሕይወት ታሪክ የሚያስነብበው በኦቦ ለሜሳ ነበር። በወጣትነታቸው አዲስ አበባ፣ ቴሌቪዥን ገና ጥቁርና ነጭ ሳለ፣ ስፖርት ያስተላልፉ ነበር አሉ። ልማዱ አልለቀቃቸውም። «ሟች ከጌዶ ተነሱ... ጉደርን አለፉ... አምቦ ገቡ... ወይዘሮ ብዙነሽን አገቡ!» ሐዘንተኛው ሊያጨበጭብ ምንም አይቀረው።

አምና የራሳቸውን ጽፈው ለእድሩ ኮሚቴ አመጡ። ሰማንያን አልፈዋል። ጸሐፊው እኔ ስለሆንኩ ወረቀቱን ተቀበልኩ። ሦስተኛው መስመር «በአገራችን ቴሌቪዥን ስፖርት ካስተላለፉት የመጀመሪያዎቹ አንዱ ነበሩ» ይላል።

«ስሞት ይቺ ትነበብልኝ» አሉ። «ሌላውን ብትተዉት ግድ የለኝም።»

«ማስረጃ አለዎት ኦቦ?» አለ ሊቀመንበራችን አቶ ታደሰ።

«የያኔው በቀጥታ ነበር የሚተላለፈው፤ አይቀረጽም። ከአፍ ወጣ፣ ሄደ።»

«እንደ ወሬ ነው በሉኛ!»

ኮሚቴው ሳቀ። እኔም ከሁሉም አስበልጬ...

«እስቲ አንድ ጨዋታ ያስተላልፉልን» አለ አቶ ታደሰ።

ሽማግሌው ከዘራቸውን ግድግዳ አስደግፈው የኮታቸውን ቁልፍ ቆለፉ። ጀመሩ። እኔማ ኳሷ እንዳትመታኝ እግሬን ሰብስቤያለሁ።

«ይሄንማ የመናኸሪያ ረዳትም ይችላል» አለ ሊቀመንበሩ። «እዚሁ አምቦ ተወልጄ አድጌ አንድ ቀን ቴሌቪዥን ላይ አይቼዎት አላውቅም። ያየዎት ሦስት ሰው ያምጡ!»

«ያኔ እኮ እዚህ...» ብለው ጀመሩ። ሳቃችን ዋጣቸው። «ገለቶማ» ብለው አመስግነውን ወጡ።

ሦስት ሳምንት ምስክር ፍለጋ ዞሩ። በሚኒባስ አዲስ ዓለም ድረስ ሄዱ። የሚያውቋቸው ሰዎች አልቀዋል፤ የአንዳንዶቹን የሕይወት ታሪክ ያነበቡት ራሳቸው ናቸው። የሊቀመንበሩንም አባት «በጭልሞ ጫካ አንበሳ የገደሉ» ብለው ያነበቡት እሳቸው ነበሩ። ቆዳው የት አለ ብለው አልጠየቁም።

በቀደም ሞቱ። ያነበብኩት እኔ ነኝ። ሦስተኛውን መስመር ሰርዤ «በልዩ ልዩ መሥሪያ ቤቶች አገልግለዋል» አልኩ። ከኋላ ያሉት መስማታቸውንም እንጃ፤ ድምፄ ደካማ ነው።

ከቀብር መልስ ድንኳን ውስጥ ሊቀመንበሩ ንፍሮውን እየቆረጠመ ጨዋታ ያዘ። «አምቦ የመጀመሪያውን ቴሌቪዥን ያስገባው አባቴ ነው! ያን ቀን ሰፈሩ በሙሉ እኛ ግቢ ነበር። አሥረኛ ክፍል ነበርን፤ ይኸው እሱም ነበረ» ብሎ ወደ እኔ ጠቆመ።

እውነቱን ነው፤ ነበርኩ። ዓመቱንም አስታውሳለሁ። የኦቦን ወረቀት ከኪሴ አውጥቼ ዓመተ ምሕረቶቹን አየሁ።

ከቴሌቪዥን ሥራቸው የለቀቁት ከዚያ ስድስት ዓመት ቀደም ብለው ነው።